የመካው ለውዝ

ምሳ በልታችሁ ገና ከማዕድ የተነሣችሁ ከሆነ ይህን ለነገ አቆዩት። እኔ እንኳ ስንት ዘመን ካለፈ በኋላ ስጽፈው ሁለት ጊዜ ተነሥቼ ምራቄን ተፍቻለሁ።

ድሮም የሚቀፈኝ ነገር ብዙ ነው። ወተት ላይ የሚሰፍፈው ስልባቦት ይቀፈኛል። ሰው አፉን አሳርፎበት ያቀበለኝን ብርጭቆ ብሞት አልጠጣም። እናቴ "ይቺ ልጅ ባል ቤት ገብታ የልጅ ንፍጥ እንዴት ልትጠርግ ነው?" እያለች ትስቅብኝ ነበር። እኔም እስቅ ነበር፤ ባል ቤት መግባቴን አልተጠራጠርኩማ።

ጊዜው የደርግ ነው። የጅማ ልጅ ነኝ፤ ቤታችን አወቱ መንደራ ሰፈር ነበር። አባቴ እዚያው የጅማ መርካቶ ውስጥ አንድ የስፌት መኪና አስቀምጦ ልብስ ይሰፋል። እኔ አሥራ ሁለተኛን ጨርሼ በመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ከጅማ ወጣ ብላ ወዳለችው የቡ ተልኬ፣ ቀን ቡና ሲለቅሙ የዋሉ እናቶችን ማታ ፊደል አስቆጥር ነበር። ነስሩን ያገኘሁት እዚያ ነው። የየቡ ልጅ ነው፤ እሱም አስተማሪ። ሲስቅ ዓይኑ ይጠፋል። ዘመቻው ሲያልቅ እሱ ለመምህርነት ሥልጠና ወደ ሌላ አገር ሄደ፣ እኔ ቤቴ ተመለስኩ። ከመለያየታችን በፊት ግን ሽማግሌ ሊልክ ተስማምተን ነበር። ያኔ ለእኔ ከነስሩ በቀር ወንድ የሚባል አልተፈጠረም። ቢቀርብኝ የምሞት ይመስለኝ ነበር።

አሁን አያቴን ላስተዋውቃችሁ። እኛ ቤት አካኮ ነው የምንላቸው፣ በኦሮምኛ አያት ማለት ነው። ሐጅ ማድረግ ያን ጊዜ ቀላል አልነበረም፤ ከቀበሌ ጀምሮ ስንት ማኅተም ያስፈልገው ነበር። እኔ ገና ዘመቻ ሳልሄድ አካኮ ዕድሉ ወጥቶላቸው ሄደው በሰላም ተመለሱ። ለሁሉም የሚሆን ነገር ይዘው መጡ፤ ለእኔ ያመጡት አንድ ትልቅ ጣሳ ለውዝ ነው። ለውዝ ስል ኦቾሎኒ አይደለም፤ ዛፍ ላይ የሚያፈራው፣ ቡናማ ቆዳ ያለው፣ ጫፉ ሾል ያለው የአረብ አገር ለውዝ ነው። ቤተሰቡ ተሰብስቦ ሳለ ጣሳውን ጭናቸው ላይ አድርገው እንዲህ አሉ።

"ይኼ የሚከፈተው ረሒማን ሊጠይቁ ሽማግሌ የመጡ ቀን ነው። የመጀመሪያዋን በእጄ አጎርሳታለሁ። እንግዶቹም ይቀምሳሉ፣ ዱዓ ይደረጋል፣ ልጄን እሰጣለሁ። ለአላህ ተስያለሁ። እስከዚያ እጁን የሰደደበትን አልምረውም።"

የጣሳው ክዳን መንገድ ላይ ተጨፍልቆ በደንብ አይገጥምም ነበር። አካኮ በአረንጓዴ ጨርቅ ጠመጠሙትና ራስጌያቸው ካለው መደርደሪያ ላይ አኖሩት። በዚያው ሰሞን ዓይናቸውን ሞራ እየጋረደው ሄደ። ዓመት ሳይሞላ ሰው የሚለዩት በድምፅ ብቻ ሆነ።

የእሳት እራቶቹ የመጡት ከዚያ በኋላ ነው። አመድማ ናቸው፤ ከጥፍሬ አይበልጡም። ክንፋቸውን አጣጥፈው ግድግዳ ላይ ሲያርፉ የእንጨት ስንጣሪ ይመስላሉ፤ ስትነካቸው ጣትህ ላይ ቅባት ያለው ትቢያ ይተዋሉ። መጀመሪያ አንድ ሁለት ነበሩ። አንዷን በነጠላ ጫማዬ ስመታ አካኮ ድምፁን ሰምተው "ምንድን ነው?" አሉኝ።

"የእሳት እራት ናት አካኮ።"

"የት ነበረች?"

"ጣሳው ላይ።"

ፊታቸው ፈካ። "አትንኪያቸው" አሉ። "ቤቱ ሙሉ ዕቃ እያለ እዚያ ላይ ለምን ያረፈች ይመስልሻል? የተባረከ ነገር ያለበትን ታውቃለች።"

በቃ፣ ከዚያን ቀን ጀምሮ እኛ ቤት የእሳት እራት መግደል ክልክል ሆነ። የጎረቤት ሴቶች ሳይቀሩ መጥተው አይተው "ማሻአላህ" ብለው ሄደዋል። ሻዬ ውስጥ ገብታ ስትንፈራገጥ በማንኪያ አውጥቼ መስኮት ላይ አስቀምጣታለሁ፤ ሻዩን ግን እደፋዋለሁ። ፀጉሬን ስፈታ ከውስጡ ትወጣለች። እናቴ የወተቱን ማሰሮ በሁለት ሳህን መክደን ጀመረች። አካኮ ግን አንዷ እጃቸው ላይ ስታርፍ እንደ ሕፃን ፈገግ ይላሉ። አንዳንዴ ደግሞ ነጣ ያለች ቀጭን ትል በግድግዳው ወደ ኮርኒሱ ስትወጣ አያለሁ። ትሏንና የእሳት እራቷን ያገናኘ ሰው ቤታችን ውስጥ አልነበረም። ወይም የነበረ ሰው አፉን ዘግቷል፤ እሱን በኋላ ነው ያወቅኩት።

የነስሩ ሽማግሌዎች የመጡት ዓርብ ከጁምዓ ሶላት በኋላ ነው። የነስሩ አባት አባ መጫ፣ ሁለት የየቡ አዛውንቶችና የነስሩ አክስት አደ ዘሃራ። አባ መጫ ሰፊ የቡና መሬት የነበራቸው፣ መንግሥት ወስዶባቸው ትንሽ የቀረቻቸው ሰው ናቸው፤ ኩራታቸው ግን አልተወሰደም። ለዚያ ቀን ብለው አዲስ ጥቁር ጫማ አድርገዋል። ነስሩ ገና ከሥልጠናው አልተመለሰም፤ ደግሞም ሽማግሌ ሲላክ ልጁ አብሮ አይመጣም።

እኔ ጓዳ ሆኜ በመጋረጃው ቀዳዳ አያለሁ። በቅቤ የታሸ የገብስ ጩኮ ቀረበ፣ ተበላ፤ እኔም በሻይ ቀመስኩ። ሰላምታው ዞረ፣ ስለ ዝናቡ ተወራ። ከዚያ አባ መጫ ከተቀመጡበት በርጩማ ተነሥተው ቆሙ።

"ሐጂ፣ የመጣነው ልጅ ፍለጋ ነው። ልጃችሁን ለልጃችን ስጡን።"

አባቴ "እኔ ምን ቃል አለኝ፣ ቃሉ የሐጂ ነው" አለ።

አካኮ ይህን ቀን ሁለት ዓመት ጠብቀውታል። "ተቀመጥ አባ መጫ" አሉ። "በእኔ በኩል ደስ ብሎኛል። ስለቴን ላድርስና እጅ እንመታለን። ጣሳውን አምጡ። ረሒማ ትምጣ።"

እናቴ ጣሳውን አቅፋ ከአካኮ መኝታ ቤት ወጣች። ፊቷ አመድ መስሏል። "ሐጂ፣ ጓዳ ወስጄ ሳህን ላይ ላድርገው?" አለች።

"ለምን ብለሽ? እዚሁ፣ በሰው ፊት ይከፈታል እንጂ።"

እኔ ሻሼን አስተካክዬ ገባሁና አጠገባቸው ተንበረከክሁ። አካኮ ጨርቁን በቀስታ ፈቱ። ክዳኑን ሲያነሡት ሦስት አራት የእሳት እራቶች ቡን ብለው ወጡ፤ አንዷ ጺማቸው ላይ አረፈች። ሽታው ተከተለ። የቆየ ዘይት ሽታ ነው፣ ከሻጋታና ከአይጥ ጉድጓድ ሽታ ጋር የተቀላቀለ።

ጣሳው ውስጥ ለውዝ አልነበረም ብል ይቀላል። ከላይ እንደ ቆሸሸ ጥጥ ያለ ድር ሸፍኖታል። በድሩ ላይ ጥቃቅን ቡናማ ኩስ እንደ አሸዋ ተነስንሷል። ከሥር ለውዙ እርስ በርሱ ተጣብቆ ጉብ ጉብ ብሏል፤ የተቦረቦረው ተቦርቡሮ ቆዳው ብቻ ቀርቷል። በዚያ መሐል ትሎቹ ይርመሰመሳሉ። ነጫጭ፣ ቡናማ ጭንቅላት ያላቸው። ብርሃን ሲያገኛቸው ወደ ውስጥ ለመግባት ይጋፉ ነበር።

ሁሉም አየ። በክፍሉ ውስጥ ከአካኮ በቀር ያላየ የለም። አባ መጫ ከንፈራቸውን ጠበቅ አደረጉ። አደ ዘሃራ በነጠላዋ አፍንጫዋን ሸፈነች። አባቴ እናቴን አየ፣ እናቴ መሬት አየች።

አካኮ በጣታቸው ከተጣበቀው ጉብታ ላይ አንዷን ለውዝ ገነጠሉ። ድሩ ተከትሎ ተጎተተ፤ እሳቸው ግን በደስታ ተውጠው ሽታውንም ድሩንም ልብ አላሉም። "ቢስሚላህ" ብለው ወደ አፌ አመጡት። ለውዙ ጎን ላይ ቀዳዳ አለ። ከቀዳዳው አንዲት ጭንቅላት ብቅ ብላ ወደ ግራ ወደ ቀኝ ትላለች።

እናንተ ብትሆኑ ምን ታደርጉ ነበር? "አልበላም" ብል የአካኮ ስለት በሰው ፊት ይፈርሳል፤ የነስሩም ነገር በዚያው ያበቃል። ብበላ ደግሞ... ዓይኔን ጨፍኜ ነስሩን አሰብኩና አፌን ከፈትኩ።

ነከስኩት። መጀመሪያ ዱቄት ዱቄት አለኝ፣ መራራ ነው። ቀጥሎ አንድ ለስላሳ ነገር በጥርሴ መሐል ጧ ብሎ ፈነዳ፤ ለብ ያለ ነገር ምላሴ ላይ ፈሰሰ። ድሩ ትናጋዬ ላይ ተለጠፈ። እንዴት እንደዋጥኩት አላውቅም፣ ብቻ ዋጥኩት። እንባዬ ዱብ ዱብ አለ። አካኮ ፊቴን ዳስሰው እንባውን ሲያገኙት ደስታ መሰላቸው። "አላህ ይባርክሽ ልጄ" አሉኝ።

ከዚያ ለእንግዶቹ አዞሩ። እያንዳንዱ በሁለት እጁ እየተቀበለ "ቢስሚላህ" ይላል። አባ መጫ እጃቸውን ወደ አፋቸው አድርሰው፣ በባዶ አፍ አላምጠው፣ ለውዙን ወደ ኮት ኪሳቸው ሲያወርዱት በዓይኔ በብረቱ አየሁ። አዛውንቶቹም እንደዚያው አደረጉ። አደ ዘሃራ በነጠላዋ ጫፍ ቋጠረችው። አባቴ እንኳን ከበርጩማው ሥር ጣለው። የበላሁት እኔ ብቻ ነበርኩ።

"እንዴት ነው?" አሉ አካኮ።

"ማሻአላህ ሐጂ፣ ማር ነው" አሉ አባ መጫ።

አካኮ በደስታ ሊያለቅሱ ደረሱ። "እንግዲያው ረሒማ ሦስት ትብላ፣ ጎደሎ ቁጥር ይወደዳል" ብለው ሁለተኛዋን ወደ አፌ አስጠጉ። ይህችኛዋ ከንፈሬን ነክታ ተንቀሳቀሰች። ከዚያ በላይ አልቻልኩም። ጩኮውም ሻዩም ለውዙም አንድ ላይ ወጥቶ የአባ መጫ አዲስ ጫማ ላይ ተደፋ።

መጀመሪያ የተናገረችው አደ ዘሃራ ናት፤ ወደ እናቴ ዞር ብላ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ ግን ሁሉም እንዲሰማ አድርጋ ጠየቀች።

"ስንት ወሯ ነው?"

"ምኑ?" አለች እናቴ።

"እኛም ወልደናል እኮ። የሚያስመልሳት ምን እንደሆነ አናጣውም። ልጃችን ከዚህ አገር ከወጣ ስድስት ወር አልፎታል። እሺታችሁ ለምን እንደተጣደፈ አሁን ገባኝ። የጨነቀው እርጉዝ ያገባል አሉ፤ እኛ ደግሞ አልጨነቀንም።"

ይቺ ሴት ትሉን አይታለች። ለውዟ ነጠላዋ ጫፍ ላይ ተቋጥራ አለች፤ ቋጠሮውን በእጇ ይዛለች። አፌን እየጠረግሁ አንድ ሰው "ኧረ ይሄ ነገር ትል አለው፣ ልጅቷ ምን ታድርግ" እስኪል ጠበቅኩ። አባ መጫ ጫማቸውን ያያሉ። አዛውንቶቹ ጣሪያ ያያሉ። እናቴ የሻሿን ጫፍ ነክሳለች። አባቴን አየሁት። አባቴ ሆዴን እያየ ነበር።

ወላሂ፣ ከትሉ ይልቅ ያ ቀፈፈኝ። ትሉ እንኳን ያገኘውን ነው የሚበላው።

"ምን ሆነሽ ነው ልጄ?" አሉ አካኮ፣ እጃቸው በአየር ላይ እየፈለገኝ። "አመመሽ?"

ብናገር ሁለት ዓመት ሙሉ ያሞቁትን ልብ መስበሬ ነው። ዝም ብል ስሜ በዚያው ሞተ፤ ጅማ ውስጥ እንዲህ ያለ ስም አንዴ ከወጣ ተመልሶ አይገባም።

"አካኮ" አልኩ፣ "ለውዙ ትል አለው።"

"ምን አለው?"

"ትል። አፌ ውስጥ ነበር። ሁሉም አይተውታል።"

"ውሸቷን ነው" አለች አደ ዘሃራ ፈጥና። "ሁላችንም በልተን የለም እንዴ? ለራሷ ጉድ የመካን በረካ ታሰድባለች። አስተግፊሩላህ።"

አካኮ ቀኝ እጃቸውን ቀስ ብለው ጣሳው ውስጥ አስገቡ። እስከ አንጓቸው ገባ። እዚያው ቆየ። ፊታቸው ላይ መጀመሪያ አለመረዳት ነበር፣ ቀጥሎ መረዳት መጣ፣ ከዚያ ማየት የማልፈልገው ኀፍረት መጣ። እጃቸውን ለውዝ እንደያዘ ሲያወጡት ድር እንደ ጓንት ለብሶታል፤ ሁለት ትሎች በአውራ ጣታቸው ላይ ይወጣሉ። "ራሞ" አሉ ለራሳቸው። ትል ማለት ነው።

ከዚያ እጃቸውን እንደያዙት አባ መጫ ወዳሉበት ዘረጉ።

"አባ መጫ፣ አንተ በልተሃል?"

"አዎ... ቀምሻለሁ ሐጂ።"

"ማር ነው ብለሃል። እንግዲያው ድገም። ይኸው፣ ልጄ ከበላችበት ጣሳ ነው።"

የተዘረጋው መዳፍ ላይ ለውዙም ትሉም አለ። አባ መጫ እጃቸው ከጭናቸው አልተነሣም። ሌሎቹም እንደዚያው። አካኮ ክንዳቸው እስኪደክም ጠበቁ።

"የእኔን ዓይን ሞራ ጋርዶታል" አሉ በመጨረሻ። "እናንተ ግን ታያላችሁ። ልጅቷ እኔን ላለማሳፈር ትል በላች። እናንተ ደግሞ የትም ደብቃችሁ ስሟን ታነሣላችሁ። ተነሡ፣ ሰዓት እላፊ ሳይደርስባችሁ ሂዱ። የምሰጣችሁ ልጅ የለኝም።"

ሄዱ። አደ ዘሃራ በሩ ላይ ደርሳ "ወሩ ሲገፋ እንተያያለን" ብላ ወጣች።

አካኮ እናቴን "አንቺስ ታውቂ ነበር?" አሏት። "ጠርጥሬ ነበር ሐጂ፤ ስለትዎን ፈርቼ ነው" አለች እያለቀሰች። አካኮ ማንቆርቆሪያ እንዲያመጡላቸው ጠይቀው፣ እየዳበሱ እጄን ያዙና ራሳቸው ውሃ አፈሰሱልኝ፣ እኔ ስጉመጠመጥ። እኛ አገር ሽማግሌ ለልጅ ውሃ አያፈስም። "በደንብ ተጉመጥመጪ" ይሉኛል። በማግስቱ ጣሳውን አባቴ ጓሮ አቃጠለው። ሲቃጠል ይንጣጣ ነበር።

ወሬው እሑድ ሳይሆን መርካቶ ደረሰ። የውሃ መቅጃው ጋ ስሄድ ሴቶቹ ዓይናቸው ፊቴን ትቶ ወገቤ ላይ ይወርዳል። የቀበሌ ሱቅ ለስኳር ስሰለፍ ከኋላዬ ሹክሹክታ ነው። አባቴ "አምንሻለሁ" ብሎኝ አያውቅም፤ "አላምንሽም"ም አላለኝም። እንደበፊቱ አብረን እንበላለን፣ እሱ ግን ቀና ብሎ አያየኝም።

ነስሩ ሲመጣ አወቱ ወንዝ ድልድይ ላይ ተገናኘን። ሮጬ ነው የሄድኩት፣ አልዋሻችሁም። እሱ ብቻ ይመነኝ እንጂ ሌላው ገደል ይግባ ብዬ ነበር።

"ረሒማ፣ እኔ አምንሻለሁ" አለኝ። ደስታዬ ግን ከአንድ ትንፋሽ በላይ አልቆየም። "ግን ለሰው አፍ ሲባል፣ ሆስፒታል ሄደሽ ብትታዪና ወረቀት ብታመጪ፣ አባቴም አክስቴም ዝም ይላሉ።"

"ታይቼ ምን የሚል ወረቀት ላምጣ?"

"ታውቂዋለሽ እኮ። እርግዝና እንደሌለ።"

"አንተ አምነኸኛል አላልክም?"

"አምኛለሁ። ወረቀቱ ለእነሱ ነው።"

ያቺ ለብ ያለች ነገር ምላሴ ላይ ተመልሳ የመጣች መሰለኝ። "እሺ" ብዬው ሄድኩ። እውነቱን ልንገራችሁ፣ ሳምንት ሙሉ ሆስፒታሉ በር ድረስ እየሄድኩ ተመልሻለሁ። ወድጄው ነበራ። አንድ ቀን ግን በሩ ላይ ቆሜ ራሴን ጠየቅኩ፤ ዛሬ ለሆዴ ወረቀት ባመጣ፣ ነገ ለምኑ ለምኑ ላመጣ ነው? ወደ ቤቴ ተመለስኩ፤ ሁለተኛ አልሄድኩም።

ይህን የምታነቡ፣ በተለይ ሴት ልጅ ያላችሁ፣ አንድ ነገር ስሙኝ። ከዚያ በኋላ ትል ብዙም አይቀፈኝም። አስተማሪ ሆኜ የስንት ተማሪ ንፍጥ ጠርጌያለሁ፣ የታመመ አስታምሜያለሁ፣ አካኮንም እስከ መጨረሻቸው በእጄ አጥቤያለሁ። እናቴ ትፈራልኝ የነበረው ሁሉ ቀላል ሆኖ አገኘሁት። የሚቀፈኝ ሌላ ሆነ። አይቶ እንዳላየ የሚሆን ሰው አጠገቤ ሲቀመጥ ተነሥቼ ቦታ እቀይራለሁ። ስብሰባ ላይ እጅ አውጥቶ ከሚጮኸው ካድሬ ይልቅ፣ ነገሩ ሐሰት መሆኑን እያወቀ አንገቱን የሚነቀንቀው ጎረቤቴ ይዘገንነኝ ነበር። በዚያ ዘመን ደግሞ የሚነቀነቅ አንገት ሞልቶ ነበር። ምን ይደረግ፣ ልምድ ሆኖብኝ ዛሬም እንደዚያው ነኝ፤ ሰዎች ጨካኝ ይሉኛል።

ወደ ኋላ ልመልሳችሁ፤ የነስሩ ቤተሰቦች ተመልሰው መጡ። መቼ መሰላችሁ? ከዚያች ዓርብ ወዲህ ዓመት ሊሞላ ሲል። ሆዴን ጠብቀው፣ ጠብቀው፣ ምንም ሲያጡበት። አባ መጫ፣ እነዚያው አዛውንቶች፣ ይህን ጊዜ ደግሞ ከልማድ ውጭ ነስሩም አብሮ፤ ሙሉ ልብስ ለብሶ፣ ከስቶ። አደ ዘሃራ ቀርታለች። ነስሩ አንገቱን ደፍቶ ሲገባ ሳየው ልቤ መምታት አልተወም፤ ያንን አልክድም።

አባ መጫ ቆመው ተናገሩ። "ሐጂ፣ ሰው ይሳሳታል። ይቅር በሉን። ልጃችሁን ስጡን።"

አባቴ ቶሎ ብሎ ወደ አካኮ አየ። ዓይኑ ላይ ልመና ነበር፤ ስሜም ስሙም በአንድ ቃል ሊነጻ ነው። እናቴ መጋረጃው ሥር ቆማለች።

"ይቅርታውን ተቀብያለሁ" አሉ አካኮ። "ሌላውን ግን የምመልሰው እኔ አይደለሁም። ረሒማ፣ ነይ ውጪ።"

ወጣሁ።

"ሰዎቹ የመጡት አንቺን ሊጠይቁ ነው። ምን ትያለሽ?"

በእኛ ቤት ሽማግሌ ተቀምጦ ልጅቷ ስትጠየቅ ያን ቀን የመጀመሪያ ነው። እናቴ አልተጠየቀችም፤ የእናቴም እናት። ሁለቱ አዛውንቶች ተያዩ። ነስሩ ቀና ብሎ አየኝ፤ ይስቃል ብዬ ፈራሁ፣ አልሳቀም።

"አልፈልግም" አልኩ።

"ጎላ አድርገሽ" አሉ አካኮ። "እኔ ሰምቻለሁ፤ እነሱ እንዲሰሙ ነው።"

"አልፈልገውም።"

አባቴ ከበርጩማው ተነሣ። የሚቆጣኝ መስሎኝ ጠበቅኩት። እሱ ግን በአጠገቤ አልፎ ሄዶ በሩን ለእንግዶቹ ከፈተላቸው።